መሥሪያ ቤት የፍርድ ቤት ትዕዛዝ ሲያጓትት

ፍርድ ቤት አንድን የመንግሥት መሥሪያ ቤት «በ30 ቀን ውስጥ ፈጽም» ብሎ ያዛል። ቀኑ ያልፋል። መሥሪያ ቤቱ አልፈጽምም አላለም፤ ይግባኝም አልጠየቀም። ባለጉዳዩ በተመላለሰ ቁጥር መልሱ አንድ ነው፦ «በሂደት ላይ ነው።» ፍርድ ቤት መድፈር የሚባለው አቤቱታ አንዱ መነሻ ይኸው ማጓተት ነው።

ነገሩ ችሎት ላይ ዳኛ ከመሳደብ ይለያል። አመልካቹ ትዕዛዝ መኖሩን፣ ለመሥሪያ ቤቱ መድረሱን፣ አለመፈጸሙንም ያሳያል። ከዚያ በኋላ ክርክሩ አንድ ጥያቄ ላይ ይወድቃል፤ የዘገየው ሆን ተብሎ ነው ወይስ አቅም ታጥቶ? በደቡብ አፍሪካ ሦስቱ ነጥቦች ከተረጋገጡ፣ ሆን ብሎና በክፉ ልብ እንዳላደረገው ጥርጣሬ የሚያሳድር ማስረጃ ማቅረብ የተጠሪው ድርሻ ይሆናል።

እዚህ ላይ ትልቁ ማስረጃ ቀን ነው። «በጀት አልተለቀቀልንም» የሚል መልስ ከመጣ፣ በጀት የተጠየቀበት ደብዳቤ መቼ ወጪ እንደሆነ ይታያል። ትዕዛዙ በደረሰ ሳምንት ከሆነ ምክንያቱ ያስኬዳል። መጥሪያው ከደረሰ በማግስቱ ከሆነ ግን ነገሩ ያው የታወቀ ነው።

ሌላው ራስ ምታት ማን ይጠየቅ የሚለው ነው። መሥሪያ ቤት አይታሰር ነገር! እንግሊዝ ውስጥ ሚኒስትር በሥልጣኑ ፍርድ ቤት ደፍሯል ሊባል እንደሚችል ያኔ የአገሪቱ ከፍተኛ ፍርድ ቤት የነበረው የጌቶች ምክር ቤት ያጸናው በ1993 ነው (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው)። ጉዳዩ ከአገር የተባረረ የዛየር ጥገኝነት ጠያቂ ወደ እንግሊዝ እንዲመለስ የተሰጠውን ትዕዛዝ የአገር ውስጥ ጉዳይ ሚኒስትሩ ባለማስፈጸማቸው የተነሳ ነበር። ቅጣት አልተጣለም፤ የክርክሩ ወጪ ግን ተከፍሏል። የደቡብ አፍሪካ ሕገ መንግሥታዊ ፍርድ ቤት ደግሞ በ2017 የማትጃቤንግ ማዘጋጃ ቤት ሥራ አስኪያጅ ላይ የተላለፈውን ውሳኔ ሽሯል። ሰውየው በግል ስማቸው የክሱ ተካፋይ አልተደረጉም ነበር። በሹመት ስም ብቻ የተጻፈ አቤቱታ እዚያ አገር በዚህ ምክንያት ይወድቃል።

በሕንድ ፍርድ ቤት መድፈርን የሚመለከተው የ1971ዱ ሕግ እስከ 6 ወር እስራት ወይም እስከ 2,000 ሩፒ መቀጮ፣ አሊያም ሁለቱንም ይፈቅዳል። ይቅርታ የጠየቀ፣ ፍርድ ቤቱ ካመነው፣ ሊማር ይችላል። አመልካቹም መዘናጋት የለበትም፤ ሂደቱ በ1 ዓመት ውስጥ ካልተጀመረ በሩ ይዘጋል።

ፈረንሳይ ሰውየውን ትታ ኪስ ላይ ታተኩራለች። የ1980 ሕግ አስተዳደሩ ባጓተተ ቁጥር የሚቆጥር ቅጣት እንዲጣልበት ፈቅዷል። ከፍተኛው የአስተዳደር ፍርድ ቤት የአየር ብክለትን እንዲቀንስ በ2017 መንግሥትን አዘዘ። በ2020 በየ6 ወሩ 10 ሚሊዮን ዩሮ እንደሚያስከፍል አስጠነቀቀ፤ በ2021ም የመጀመሪያውን 10 ሚሊዮን አስከፈለ። ከገንዘቡ የተወሰነው ከሳሽ ለነበረ ማኅበር ደረሰ።

ብዙ ጊዜ ግን መዝገቡ እዚያ ሳይደርስ ያበቃል። ወራት የፈጀው ጉዳይ በቀጠሮው ዋዜማ ተፈርሞ ከች ይላል። ያኔ አመልካቹ ቢያንስ ወጪውን መጠየቅ ይችላል።