«ዝግ ዑደት» ሲባል ምን ማለት ነው?

ስለ ቪዲዮ አርት (በቪዲዮ ስለሚሠራ ሥነ ጥበብ) ሲወራ «ዝግ ዑደት» የሚለው ቃል ብዙ ሰው ያደናግራል። እየተደጋገመ የሚታይ ፊልም ማለት አይደለም። ካሜራው የሚያየው ምስል በሽቦ በቀጥታ እዚያው ወዳለ ስክሪን ሲሄድ ነው፤ በየሱቁ እንደተሰቀለው የደህንነት ካሜራ።

አሜሪካዊው አርቲስት ብሩስ ናውማን በ1970 እ.ኤ.አ. በዚህ ዘዴ ተመልካቹን አጣብቂኝ ውስጥ ከተተው። ጠባብ መተላለፊያ ሠርቶ ጫፉ ላይ ሁለት ቴሌቪዥን ደራረበ። አንዱ ቀድሞ የተቀዳውን ባዶ መተላለፊያ ያሳያል፤ ሌላው የገባውን ሰው በቀጥታ። ካሜራው ግን የተሰቀለው መግቢያው ላይ፣ ከፍ ብሎ ነው። ስለዚህ ወደ ስክሪኑ በቀረቡ ቁጥር ከካሜራው ይርቃሉ፤ የሚያዩት የራስዎን ጀርባ ነው፣ ያውም እያነሰ ሲሄድ። ተንኮሉ እዚህ ላይ ይመስለኛል፦ ፊቴን ልይ ብለው ቢዞሩ ስክሪኑ ከኋላዎ ይቀራል።