አይዳ ቢ. ዌልስ፦ ሕይወቷና ጽሑፎቿ

አይዳ ዌልስ (1862–1931፤ ዘመኑ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን ነው) በአሜሪካ ሊንቺንግን በመታገል የምትታወቅ ጥቁር ጋዜጠኛ ናት። ቃሉን በአማርኛ «የደቦ ፍርድ» እንለዋለን፤ ፍርድ የሚባል ነገር ግን አልነበረበትም።

የተወለደችው ሚሲሲፒ ውስጥ በሆሊ ስፕሪንግስ፣ ወላጆቿ ገና ባሪያ ሳሉ ነው። በ1878 ቢጫ ወባ እናትና አባቷን ሲገድልባት 16 ዓመቷ ነበር፤ ታናናሾቿ እንዳይበተኑ አስተማሪ ሆነች። በኋላም በባቡር የአንደኛ ደረጃ ቲኬት ይዛ ከተቀመጠችበት ተነሺ ተባለች። ተቆጣጣሪው ሲጎትታት እጁን ነከሰችው፤ ብቻውን ስላልቻላት ሰው ጨምሮ አወጣት። ከሳ በ1884 500 ዶላር ተፈረደላት፤ በ1887 የቴነሲ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ፍርዱን ሽሮ ወጪውን በእሷ ላይ ጣለ። በ1889 የሜምፊሱ «ፍሪ ስፒች» ጋዜጣ ባለድርሻና አዘጋጅ ሆነች።

ማርች 9 ቀን 1892 ባለሱቁ ቶማስ ሞስና ሁለት ባልደረቦቹ፣ ከነጭ ተፎካካሪያቸው ጋር በተነሣ ግጭት ታስረው ሳለ፣ ከእስር ቤት ተወስደው በጥይት ተገደሉ። ዌልስ የሞስ ልጅ ክርስትና እናት ነበረች። ጥቁሮች ከተማዋን ለቀው እንዲሄዱ፣ የከተማውን ባቡርም እንዳይሳፈሩ ጻፈች። ስድስት ሳምንት ገደማ ሲሆን የባቡር ኩባንያው ኃላፊዎች ራሳቸው ጋዜጣው ቢሮ መጥተው ደንበኞቹን መልሱልን አሉ። ዌልስ የተነጋገሩትን አትማ አወጣችው፤ አድማውም እንዲቀጥል ገፋች። በሜይ ወር ጥቁሮችን ለመግደል የሚቀርበው የአስገድዶ መድፈር ክስ ሰበብ መሆኑን በርዕሰ አንቀጽ ስትጽፍ የጋዜጣው ቢሮ ወደመ፤ ከከተማ ውጭ ስለነበረች ተረፈች።

ዋና ጽሑፏ በ1895 የወጣው «ቀይ መዝገብ» ነው። አሠራሩ ቀላል ነው፤ ብልሃቱም እዚያው ላይ ነው። አጋነነች እንዳትባል ቁጥሩን የወሰደችው ነጮች ከሚያሳትሙት ከቺካጎ ትሪቡን ነው። የሟቹን ስም፣ ቀንና ቦታ እየጻፈች በተባለው ወንጀል ትመድባቸዋለች። ከግድያና ከዝርፊያ ጎን «ነጭ መሳደብ» የሚል ምድብ አለ፤ «ምንም ጥፋት የለም» የሚልም አለ። በ1892 ከተገደሉት 241 ሰዎች 160ዎቹ ጥቁሮች ነበሩ። ቀደም ሲል በ1892 ባወጣችው «የደቡብ ዘግናኝ ድርጊቶች» ደግሞ በስምንት ዓመት ከተገደሉት 728 ሰዎች በአስገድዶ መድፈር የተከሰሱት ሲሶው ብቻ መሆናቸውን አሳይታለች። የዘዴው ድካም ግልጽ ነው፤ ጋዜጣ ያልደረሰበት ግድያ ከመዝገቡ ውጭ ይቀራል። ስለዚህ ቁጥሮቿን እንደ ዝቅተኛ ግምት ማንበብ ይበጃል።

በ1895 ጠበቃውን ፈርዲናንድ ባርኔትን አግብታ ኑሮዋን ቺካጎ አደረገች። ከማኅበራት ጋር ግን ብዙም አልተግባባችም፤ በ1909 የጥቁሮች መብት ተሟጋቹ ማኅበር ኤንኤኤሲፒ ሲመሠረት እንኳ ስሟ መጀመሪያ ከኮሚቴው ዝርዝር ቀርቶ በኋላ ነው የተጨመረው።

የኋለኛው ጊዜ ምርጥ ሥራዋ በ1920 ያወጣችው የአርካንሳስ ዘገባ ነው። ሞት ተፈርዶባቸው ወደታሰሩት 12 ጥቁር ጭሰኞች ከቤተሰቦቻቸው ጋር ዘመድ መስላ ገባች። ስለ ሞትና ስለ ሰማይ ሲዘምሩ ሰምታ ይህን ትተው ለመፈታት እንዲጸልዩ መከረቻቸው። ዘገባው ላይ እያንዳንዱ ሰው ስንት ኤከር ጥጥና በቆሎ እንደተወሰደበት ተዘርዝሯል። ሰዎቹ በኋላ ተፈቱ።

የሕይወት ታሪኳን ሳትጨርስ ማርች 25 ቀን 1931 አረፈች። ልጇ አልፍሬዳ ደስተር በ1970 ያሳተመችው መጽሐፍ ዓረፍተ ነገሩ መሃል ላይ ይቆማል።