ስለ አይዛክ ሄይስ በስህተት የሚወሩ ነገሮችና እውነታው

አሜሪካዊው የሶል (የጥቁር አሜሪካውያን ሙዚቃ) ዘፋኝ አይዛክ ሄይስ ሲባል ብዙ ሰው ትዝ የሚለው ወይ የሻፍት ፊልም ዘፈን ነው ወይ ደግሞ ሳውዝ ፓርክ ላይ ሼፍ የሚባለው ካርቱን ድምፅ። ሁለቱም እሱ ነው፣ ግን በነዚህ ብቻ ሲለካ በጣም ነው የሚከፋኝ፣ ምክንያቱም ሰውየው መጀመሪያም መጨረሻም ሙዚቀኛ ነው፣ ፊልሙንም ያመጣለት ሙዚቃው ነው። ደጋግሜ የምሰማቸውን አንድ በአንድ ልያቸው (ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጅ ናቸው)።

«በሻፍት ነው የታወቀው» ይባላል። ሻፍት በ1971 ሲወጣ እሱ እኮ ሜምፊስ ውስጥ ስታክስ በሚባለው የሙዚቃ ካምፓኒ ስንት አመት ሰርቷል። የስታክስ ዘፋኝ ኦቲስ ሬዲንግ ሲቀረፅ ኪቦርድ ይጫወት ነበር፣ ከዴቪድ ፖርተር ጋር ሆኖ ደግሞ ለሌሎች ዘፈን ይሰራል፣ ሳምና ዴቭ የሚባሉት ሁለት ዘፋኞች የዘፈኑት «ሶል ማን» እና «ሆልድ ኦን አይም ካሚን» የነሱ ናቸው። ማለትም ፊቱን ሳያውቁ በስራው የጨፈሩ ሰዎች ብዙ ነበሩ።

«ዘፈኖቹ ዝም ብሎ የተንዛዙ ናቸው» የሚለው ላይ ትንሽ ልቆይ፣ እዚህ ጋ ነው ሰውየው ያለው። ስታክስ በ1967 መጨረሻ ኦቲስ ሬዲንግን በአውሮፕላን አደጋ አጣ፣ በ1968 ደግሞ የካምፓኒው የድሮ ስራዎች ባለቤትነት አትላንቲክ ወደሚባለው ሌላ የሙዚቃ ካምፓኒ ሄደ፣ ስለዚህ የካምፓኒው አለቃ አል ቤል ባዶውን ለመሙላት በአንድ ጊዜ ብዙ አልበም እንዲሰራ አዘዘ። ከነዛ አንዱ የሄይስ ነበር፣ የመጀመሪያ አልበሙ ስላልተሸጠ ከሱ ማንም ሂት የሚጠብቅ አልነበረም፣ እሱም እንደፈለገ ልስራ አለ ተፈቀደለት። በ1969 «ሆት በተርድ ሶል» ወጣ፣ አራት ዘፈን ብቻ። አንዱ «ባይ ዘ ታይም አይ ጌት ቱ ፊኒክስ» 18 ደቂቃ ያልፋል። ነገሩ የጀመረው ሜምፊስ ውስጥ አንድ ክለብ ነው፣ ታዳሚው ሲያወራ ጊዜ ባንዱን አንድ ኮርድ ላይ እንዲቆይ አድርጎ ሴቷን ትቶ ስለሚሄደው የዘፈኑ ሰውዬ እንደ ተረት ማውራት ጀመረ፣ ቤቱ ፀጥ አለ። አልበሙም ላይ እንደዛው ነው፣ ኦርጋኑ ከስር ይይዛል፣ እሱ በዛ ወፍራም ድምፁ ቀስ ብሎ ያወራል፣ ያወራል፣ ዜማው ሲገባ ሰውየው ለምን መኪናውን አስነስቶ እንደሄደ አውቀኸዋል፣ ስለዚህ እያንዳንዷ መስመር ትከብዳለች። ይሄ መንዛዛት ከተባለ እኔ አልስማማም። በዛ ላይ ሙሉ አልበምን እንደ አንድ ስራ አድርጎ ማሰብን ለሶል ዘፋኞች በር ከከፈቱት ውስጥ ነው።

«ሻፍትን የተወነው እሱ ነው» የሚሉም አሉ። መሪውን ሚና ፈልጎት ነበር፣ ያገኘው ግን ሪቻርድ ራውንድትሪ ነው። ሄይስ ሙዚቃውን ሰራ። መግቢያውን በደንብ ስሙት፣ የዊሊ ሆል ሃይ ሃት (የድራሙ ጥንድ ሳህን) ብቻውን ይጀምራል፣ ቀጥሎ የቻርልስ ፒትስ «ዋዋ» እያለ የሚጮህ ጊታር ይገባል፣ የፊልሙ ሰውዬ ኒውዮርክ መንገድ ላይ ሳይቆም ሲራመድ እግሩን የምትሰሙት ይመስላችኋል፣ የሄይስ ድምፅ እስኪመጣ ደግሞ ከሁለት ደቂቃ ተኩል በላይ ያልፋል። ዘፋኝ ሆኖ ራሱን እስከዛ ድረስ የሚያቆይ ስንት አለ?

«ኦስካር ያገኘ የመጀመሪያው ጥቁር» የሚባለውም ትክክል አይደለም፣ ሃቲ ማክዳንኤል በ1940 ሲድኒ ፖይቲየር ደግሞ በ1964 ወስደዋል። ሄይስ በ1972 የመጀመሪያ የሆነው በምርጥ ዘፈን ዘርፍ ነው፣ ይሄም ትልቅ ነገር ነው፣ ማጋነን አያስፈልገውም። ስነ ስርአቱ ላይ ይዟት የሄደው ያሳደገችውን አያቱን ነበር።

«ትወናው ለመታየት ያህል ነው»... አይ። በ1974 «ትራክ ተርነር» ላይ መሪ ተዋናይ ነው፣ በ1981 «ኤስኬፕ ፍሮም ኒውዮርክ» ላይ ዱክ የሚባለው ክፉ ሰውዬ እሱ ነው፣ «ሮክፎርድ ፋይልስ» የሚባለው የቲቪ ድራማ ላይም ከጄምስ ጋርነር ጋር ተመላልሶ ሰርቷል። በ2005 ደግሞ ሜምፊስን የሚያሳየው «ሃስል ኤንድ ፍሎው» ላይ አለ፣ የዚህ ፊልም ዘፈን በ2006 በዛው በሄይስ ዘርፍ ኦስካር ወሰደ፣ የወሰዱትም የሜምፊስ ልጆች ስሪ ሲክስ ማፊያ ናቸው።

«ሀብታም ሆኖ ኖረ» ለሚሉ፣ በ1976 ከስረሃል ተብሎ እዳው ከ6 ሚሊዮን ዶላር በላይ ነበር፣ የሰራቸውን ዘፈኖች ሮያሊቲ (ዘፈኑ በተሰማ ቁጥር የሚከፈለውን) ጭምር ነው ያጣው። ዘፈኑ በየሬዲዮው እየተሰማ እሱ ጋ አይደርስም ማለት ነው። ያ ነገር እስካሁን ያንገበግበኛል።

ሳውዝ ፓርክን በሃይማኖቱ ስለቀለዱ ተናዶ ጥሎ ወጣ የሚለውስ? በ2006 መጋቢት ላይ በስሙ መግለጫ ወጥቷል፣ ሃይማኖቱን ሳይንቶሎጂን የነካው ክፍል ከወጣ ወራት በኋላ ማለት ነው። ግን ሄይስ ጥር ላይ ስትሮክ መትቶት ነበር፣ ልጁም በ2016 አባቴ በዛን ጊዜ እንዲህ ያለ ውሳኔ የሚወስንበት አቅም አልነበረውም፣ ሌሎች ናቸው በስሙ የለቀቁለት ብሎ ተናግሯል። ስለዚህ ተናዶ ወጣ ብሎ በእርግጠኝነት መፍረድ ተገቢ አይመስለኝም።

የመጨረሻው «የድሮ ሰው ነው፣ ለኛ ትውልድ አይሆንም» የሚለው ነው። ራፐሩ ቢጊ «ዋርኒንግ» ላይ የሚራፕበት ሙዚቃ ሄይስ «ዎክ ኦን ባይ»ን ከሰራበት የተወሰደ ነው፣ ፖርቲስሄድ የሚባለው የእንግሊዝ ባንድ «ግሎሪ ቦክስ» ላይ ያለው ያ ቀርፋፋ ባስና ስትሪንግ ደግሞ ከሄይስ «አይክስ ራፕ ቱ» ነው። አዲስ ሰሚ ከሆናችሁ ከ«ዎክ ኦን ባይ» ጀምሩ፣ አጭሩን ትታችሁ 12 ደቂቃ የሚሆነውን፣ በሄድፎን ቢሆን ይመረጣል።