ሌጋሲ ላይብረሪ ምንድን ነው?

ባጭሩ፣ በሕይወት የሌለ ሰው መደርደሪያ ላይ የነበሩትን መጻሕፍት አንድ በአንድ አጣርቶ፣ በሟቹ ስም ኢንተርኔት ላይ ካታሎግ (የመጻሕፍት ዝርዝር) መክፈት ነው። የሟቹ ቤተ መጻሕፍት ልክ በሕይወት እንዳለ የድረ ገጹ አባል የራሱ ገጽ ይኖረዋል። ገብቶ ማየት ይቻላል፤ ከራሳችሁ መደርደሪያ ጋር ማነጻጸርም ይቻላል።

ሥራው የሚሠራው ላይብረሪቲንግ ላይ ነው። ላይብረሪቲንግ ሰዎች ያላቸውን መጻሕፍት የሚመዘግቡበት ድረ ገጽ ሲሆን፣ ቲም ስፓልዲንግ በ2005 አሜሪካ፣ ሜይን ግዛት ውስጥ የጀመረው ነው (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው)። ድሮ በነጻ የሚያስመዘግበው እስከ 200 መጽሐፍ ብቻ ነበር፤ ከ2020 ወዲህ ግን ያለ ገደብ ነጻ ሆኗል። ለአባላቱ ብዙ ነገር አለው፤ ገና ያልወጡ መጻሕፍትን አንብቦ አስተያየት መስጠት አለ፣ በገና ሰሞን መጽሐፍ መሰጣጣት አለ። ለኔ ግን ከሁሉም የሚበልጠው ይሄ ሌጋሲ ላይብረሪ ነው። ምክንያቱም አባላቱ ለራሳቸው ሳይሆን ለሌላ ሰው፣ ያውም አመሰግናለሁ ለማይላቸው ሰው ነው የሚሠሩት።

ሌጋሲ ላይብረሪ የተጀመረው በ2007 በአሜሪካ ሦስተኛው ፕሬዝዳንት በቶማስ ጄፈርሰን መጻሕፍት ነው። ምርጫው የገባው ነበር፤ የጄፈርሰን መጻሕፍት ታሪክ ራሱ ጉድ ነውና። እንግሊዞች በ1814 ዋሽንግተን ገብተው የኮንግረስን (የአሜሪካ ምክር ቤትን) ሕንጻ ካፒቶልን ሲያቃጥሉ ውስጡ የነበረው የኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት አብሮ ነደደ። በሚቀጥለው ዓመት ጄፈርሰን የራሱን 6,487 ቅጽ በ23,950 ዶላር ለኮንግረስ ሸጠ። ከዚያ በ1851፣ በገና ዋዜማ፣ እንደገና እሳት ተነሣና ከጄፈርሰን መጻሕፍት ሁለት ሦስተኛው ገደማ ጠፋ።

የተረፈው ዝርዝሩ ነው። እሱም ቢሆን በቀላሉ አልተረፈም። ጄፈርሰን መጻሕፍቱን ትውስታ፣ አመክንዮ፣ ምናብ ብሎ በሦስት ይከፍልና ከዚያ በ44 ምዕራፎች ይደረድራቸው ነበር፤ በየምዕራፉ ውስጥም አንዱ ከሌላው ቀጥሎ የሚመጣበት የራሱ ምክንያት ነበረው። የኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት ኃላፊ ግን በየምዕራፉ ያሉትን በፊደል ተራ አድርጎ አሳተመው፣ ጄፈርሰንም አልወደደለትም። በ1823 ኒኮላስ ትሪስት የሚባል ወጣት የቀድሞውን ቅደም ተከተል መልሶ ጻፈው። ይህ ጽሑፍ የታተመው በ1989 ነው። በመሐሉ ሶወርቢ የምትባል የመጻሕፍት ባለሙያ በ1950ዎቹ ስብስቡን በአምስት ትልልቅ ቅጾች ዘርዝራ ነበር። የላይብረሪቲንግ በጎ ፈቃደኞች ይህን ሁሉ ይዘው፣ ሥራውን ተከፋፍለው፣ በጥቂት ወራት ውስጥ አስገቡት።

ከዚያ በኋላ ሌሎች ተከተሉ። ፕሬዝዳንቱ ጆን አዳምስ አለ፣ ደራሲው ሄሚንግዌይ አለ፣ ራፐሩ ቱፓክ ሻኩር ሳይቀር አለ። የፊልም ተዋናይዋ የማሪሊን ሞንሮ መጻሕፍት በ1999 ኒው ዮርክ ውስጥ በጨረታ ሲሸጡ ካታሎግ ታትሞላቸው ስለነበር መጻሕፍቱ በየገዢው እጅ ቢበተኑም ዝርዝሩ ቀረ፤ ብዙ ሰው ስለሷ ያለውን ግምት የሚለውጥ ዝርዝር ነው።

ሥራው ግን መጻሕፍት እየቆጠሩ ማስገባት ብቻ አይደለም፣ ማጣራት ይበዛዋል። ማስረጃ የሚሆነው የጨረታ ካታሎግ፣ የውርስ ዝርዝር፣ ባለቤቱ በእጁ የጻፈው ማስታወሻ ወይም ስሙ የተጻፈበት መጽሐፍ ራሱ ነው። አሮጌ የውርስ ወረቀት ላይ «የታሪክ መጽሐፍ፣ 2 ቅጽ» ብቻ ተብሎ ይገኝና የቱ ታሪክ፣ የቱ እትም የሚለው ላይ አባላቱ ይከራከራሉ። ግምት ከሆነ ግምት መሆኑ ማስታወሻው ላይ ይጻፋል። ይሄን በጣም እወድላቸዋለሁ።

አንድ የሚያሳስበኝ ነገር አለ። ሌጋሲ ላይብረሪ የሚኖረው ዝርዝር የተጻፈለት ሰው ነው። ጄፈርሰን በባርነት ይገዛቸው የነበሩ ሰዎች ምን እንዳነበቡ፣ ማንበብ የቻሉት እነማን እንደነበሩ፣ በዚህ መንገድ ልናውቅ አንችልም። ስለዚህ ስብስቡን እንደ ሙሉ ታሪክ ማየት አይገባም።

ወደኛ ስንመጣ መጀመሪያ የሚታወሰው መቅደላ ነው። አጼ ቴዎድሮስ ለመድኃኔዓለም ቤተ ክርስቲያን ብለው ያሰባሰቧቸው የብራና መጻሕፍት በ1868 ተዘርፈው ወደ 350 የሚጠጉት ብሪቲሽ ሙዚየም ገቡ፤ ዛሬ ያሉት ብሪቲሽ ላይብረሪ ነው። በ1877 የታተመ የዊልያም ራይት ካታሎግ ስላላቸው ዝርዝሩ አለ ማለት ነው። የቅርብ ጊዜ ሰዎቻችን ግን ይህም የላቸውም። ደራሲው ወይም መምህሩ ሲያርፍ ቤተሰብ ቤት ይለቃል፣ መጻሕፍቱ በኪሎም በጅምላም ይሸጣሉ፣ ከዚያ የመጀመሪያው ገጽ ላይ ፊርማው ያለበት መጽሐፍ አሮጌ መጽሐፍ ተራ ላይ ይገኛል። ማንም ክፉ አስቦ አይደለም። ግን ከመሸጡ በፊት አንድ ሰው የመጻሕፍቱን ጀርባ (ርዕሳቸው የተጻፈበትን ጠርዝ) በስልክ ፎቶ ቢያነሣ ኖሮ ዝርዝሩ ይተርፍ ነበር።

የአያታችሁን ወይም የአባታችሁን መደርደሪያ መመዝገብ ከፈለጋችሁ ታዋቂ መሆናቸው ግድ አይደለም፣ ተራ አካውንት ይበቃል። የቆዩ የአማርኛ መጻሕፍት ባርኮድ ስለሌላቸው በእጅ ማስገባት ያስፈልጋል። ርዕሱን በግዕዝ ፊደል ጻፉት፤ ማተሚያ ቤቱንና ዓመተ ምሕረቱን ጨምሩ፤ ፊርማ ወይም የኅዳግ ማስታወሻ ካለ እሱንም መዝግቡ። የደራሲ ስም ላይ ተጠንቀቁ። የፈረንጅ ካታሎግ የቤተሰብ ስም አስቀድሞ ስለሚጽፍ አንዳንዱ አባል የአባትን ስም ያስቀድማል፣ ሌላው እንዳለ ይተወዋል፣ ሌላው በላቲን ይጽፈዋል፣ በዚህም አንድ ደራሲ ሦስት አራት ገጽ ላይ ተበታትኖ ይገኛል። እንዲህ ያለ ነገር ስታገኙ ገጾቹን ማዋሃድ ትችላላችሁ፤ ለማንኛውም አባል የተፈቀደ ነው።