«ሃምሳ ሎሚ» የተሸካሚ ቃል ነው

ባለፈው ሰሞን እዚሁ ባሕር ዳር የሰፈር ስብሰባ ተጠርቼ ሄጄ ነበር። ጉዳዩ የኮብልስቶን መዋጮ ነው። መድረክ መሪው አንደበቱ ይጣፍጣል፤ ከየት አምጥቶት እንደሆነ እንጃ የኡራጓዩን ሆሴ ሙሂካን አነሳ። «ፕሬዚዳንት ሆኖ ከደመወዙ 90 በመቶ ያህሉን ይሰጥ ነበር፤ እናንተ ይቺ ታቅታችሁ?» አለና አስከትሎ «ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ! በሉ አውጡ» አለ። ሰው አጨበጨበ። እኔ ግን ሎሚው ጉሮሮዬ ላይ ቀረ።

ትርጉሙን ማንም ያውቀዋልና አልደግመውም። እኔን የሚገርመኝ ሌላ ነው። ለመሆኑ ሃምሳ ሎሚ ይከብዳል እንዴ? የኛ ሎሚ ትንሽ ናት፤ ሃምሳው ሚዛን ላይ ቢወጣ ከሁለት ሦስት ኪሎ አያልፍም። እህል በአቁማዳ ተሸክሞ ገበያ የሚወጣ ሰው ለሦስት ኪሎ ብሎ ይተርታል? አይመስለኝም። ሸክም ያሰኘው ክብደቱ ሳይሆን መንከባለሉ ነው።

አያቴ የዘጌ ሰው ነበረች። ዘጌ በሬ ጠምዶ ማረስ ነውር ነው፤ አበው ነገሩን ከዘጌው ጻድቅ ከአቡነ በትረ ማርያም ጋር ያያይዙታል። ስለዚህ አገሬው በቡና፣ በጌሾና በሎሚ ይኖራል። ጤፍ አይዘራምና ጤፍ ለመግዛት ሎሚ መሸጥ፣ ሎሚ ለመሸጥ ደግሞ በጣና ላይ መቅዘፍ ግድ ነበር። የደንገል ታንኳ ከግርጌው ውኃ ስለሚያስገባ ዕቃው ከፍ ብሎ በተነጠፈ ደንገል ላይ ይቀመጣል፤ ሰው ደግሞ ከዕቃው ተርፎ ባገኘው ቦታ እግሩን ሰብስቦ ይቀመጣል። የእርጥብ ደንገልና የሎሚ ሽታ ተደባልቆ ዛሬም ድረስ አፍንጫዬ ውስጥ አለ።

ሰባት ዓመት ቢሞላኝ ነው። ባሕር ዳር ደርሰን ስንወርድ የአያቴ ቅርጫት ቂጡ ተቀደደና ሎሚው ጭቃው ላይ ተዘረገፈ። ነጠላዋን ዘርግታ ለቀመች። ቀና ስትል ሦስት ወደቀ፤ ሦስቱን ላንሳ ብላ ስታጎነብስ አምስት አመለጠ። እኔ ሳቅሁ፤ በክርን ደቆሰችኝ። ይሄኔ አብረውን የመጡት ገበያተኞች አንዱ ሁለት፣ አንዷ ሦስት እያሉ አነሱላት። ገበያው እስክንደርስ ሁሉም ሎሚ በእጁ ነበር። አንዱ እያሸተተ ይሄዳል፣ ሌላው ወደ ላይ እየወረወረ ይቀልባል። አንዲት ኮረዳ በሁለት ጣቷ ይዛው ስትራመድ የጥምቀት ዕለት አስመስላዋለች። ሲቆጠር አራት ጎደለ። አያቴ «የተሸካሚ ነው» አለችና መደቧን ዘረጋች።

ሊቃውንቱ ይታዘቡኝ እንጂ፣ ይህ ተረት የተወለደው ዘጌ ወደብ ላይ ነው ባይ ነኝ። ማስረጃህ? ብትሉኝ «ጌጥ» የምትለዋ ቃል ናት። የሸክም ተቃራኒ ቅለት ነው እንጂ ጌጥ አይደለም። ጌጥ ያለው ሰው ሎሚ ለብቻዋ ስትሆን ምን እንደምታደርግ ያውቃል፤ በጥምቀት ከልጃገረድ ደረት ላይ የምታርፈው አንዲት ናት፣ ሃምሳ አይደለችም። ጎንደሬዎች «የኛ ነው» ቢሉ አልጣላም፤ ጣና የሁለታችንም ነው።

ሙሂካም ከተነሳ በወጉ ይነሳ። አነስተኛ ገበሬ የነበረው አባቱ በልጅነቱ ሞተበት፤ ቤተሰቡ አበባ እያመረተ ሲሸጥ አብሮ እየሸጠ አደገ። በወጣትነቱ ከቱፓማሮስ ሽምቅ ተዋጊዎች ጋር ተሰልፎ 14 ዓመት ገደማ ታሰረ። እ.ኤ.አ. በ1985 ሲፈታ ጠመንጃውን ትቶ በምርጫ ሳጥን የሚያምን ሶሻሊስት ሆነ፤ በ2005 የእርሻ ሚኒስትር፣ ከ2010 እስከ 2015 ፕሬዚዳንት። ቤተ መንግሥት አልገባም። ከሞንቴቪዴዮ ወጣ ብላ ባለችው እርሻው፣ ከሚስቱና ከባለሦስት እግሯ ውሻው ጋር እየኖረ፣ በ1987 ሥሪት ሰማያዊ ቮልሱ ይመላለስ ነበር። ያረፈው ግንቦት 2017 ዓ.ም. ነው።

እንግዲህ ይህ ሰው ከራሱ ነጠላ የሚንከባለለውን ነው ባዶ እጅ ላይ ያኖረው። «ሃምሳ ሎሚ» ለማለት ቢፈልግ ያምርበታል፤ ቅርጫቱ የተቀደደበት እሱ ነዋ! የኛ መድረክ መሪ ግን ኪሱን ሳይነካ፣ ከፊት የተቀመጡትን ጡረተኛና ከጎናቸው ያለችውን ጎመን ቸርቻሪ ነው ሎሚ አምጡ ያለው። የአያቴ ሎሚ ወደ ሰው እጅ ወጣ፣ የዚህ ደግሞ ከሰው እጅ ተለቅሞ ወደ አንድ ቅርጫት ይገባል። ተረቱን ገለበጠው።

አሁን አሁን ነገሩ የእሱ ብቻ አይደለም፤ የሰርግ ኮሚቴውም የሎተሪ ትኬት ሻጩም ይቺኑ ይጠራሉ። መዋጮ ክፉ ነገር ሆኖ አይደለም፤ እድራችንም ያለ መዋጮ አይቆምም። መዋጮ ነው ብላችሁ በስሙ ጥሩት፤ ሎሚውን ተዉልን።

እኔም ድርሻዬን ከፍያለሁ። ደረሰኙ ላይ «በጎ ፈቃድ» ይላል፤ ከጎኑ በቀይ እስክሪብቶ «ያልከፈለ ይቀጣል» የሚል ተጨምሮበታል።