ከካርዴ የማላውቀው ሂሳብ ተቆረጠ፤ ምን ላድርግ?
በካርድ መግለጫዎ (ባንኩ በሚሰጥዎ የክፍያዎች ዝርዝር) ላይ የማያውቁት ስም ሲያዩ ወዲያው «ተሰረቅሁ» አይበሉ። ብዙ ጊዜ የሚጻፈው የሱቁ መጠሪያ ሳይሆን በሕግ የተመዘገበው ድርጅት ወይም ክፍያውን ያስተላለፈው አካል ስም ነው። ቀኑም ከገዙበት አንድ ሁለት ቀን ሊዘገይ ይችላል። ስለዚህ መጠኑን ከደረሰኞችዎና ከኢሜይልዎ ጋር ያመሳክሩ፤ በነጻ ሙከራ ጀምረው የረሱት ወርሃዊ ክፍያም ሊሆን ይችላል (እኔን ሁለቴ አግኝቶኛል)።

ትንሽ ናት ብለው ግን አይለፏት፤ ሌቦች ካርዱ መሥራቱን በጥቃቅን ክፍያ ይፈትሻሉ። የእርስዎ ካልሆነ ካርዱን ያሳግዱ፣ ለባንኩ በጽሑፍ ያመልክቱ፣ የቅሬታውን ቁጥር ይያዙ። ማመልከቻው የጊዜ ገደብ ስላለው አያዘግዩ። ባንኩ ገንዘቡን በጊዜያዊነት ቢመልስልዎም ማጣራቱ እስኪያልቅ አያጥፉት፤ ውሳኔው ለሻጩ ከሆነ መልሶ ይቆርጠዋል።