በፊሊፒንስ ፊልም ካስቲንግ ዳይሬክተር ምን ይወስናል?

ካስቲንግ ዳይሬክተር ማን እንደሚተውን ብቻውን የሚወስን የሚመስላቸው ብዙ ናቸው። አይደለም። ስክሪፕቱን ያነባል፣ ለየገጸ ባሕርዩ የሚሆኑ ሰዎችን ፈልጎ ይፈትናል፣ ያቀርባል፤ የመጨረሻው ቃል የዳይሬክተሩና የፕሮዲውሰሩ ነው።

ፊሊፒንስ ውስጥ ደግሞ ሌላ ነገር አለ። እንደ ስታር ሲኒማ ያሉ ትልልቅ ድርጅቶች በሚሠሯቸው የፍቅር ፊልሞች፣ «ላቭ ቲም» የሚባሉት፣ ተመልካች አብረው ሲተውኑ ለማየት የሚጓጓላቸው የተዋንያን ጥንዶች፣ ብዙ ጊዜ ቀድመው ተመርጠዋል። ታዲያ ምን ቀረ? እናትየዋ፣ ጎረቤቱ፣ ፖሊሱ፣ ባለሱቋ። ፊልሙን የሚታመን የሚያደርጉት እነዚህ ናቸውና ለእኔ ከባዱ ሥራ ይኸው ነው።

ከትልልቆቹ ድርጅቶች ውጭ ሜዳው ይሰፋል። ዳይሬክተር ብሪልያንቴ ሜንዶዛ ልምድ ያላቸውን ተዋንያን ትወና ሙያቸው ካልሆነ ሰዎች ጋር ያቀላቅላል፤ ጃክሊን ሆሴም በ2016 እ.ኤ.አ. በካን ፌስቲቫል በምርጥ ተዋናይትነት የተሸለመችው በእሱ ፊልም ነው።